በሞላልኝ ቫን ውስጥ ያልተሸነፈው ቡድን

ሞላልኝ ሁሉም ነገር ካለቀ በኋላ የሚደርስ ሰው ነው። ሰርግ ሲጠሩት ኬኩ ተቆርሶ ሙሽራዋ ጫማዋን ስታወልቅ ከተፍ ይላል። ያገባው በአርባ አንድ ዓመቱ ነው። ሚስቱ ከበቡሽ «እኔንም ያገኘኸኝ ሌላው ሰው ሁሉ አግብቶ ስላለቀ ነው» ትለዋለች፤ እውነት ስለሆነ አይከራከራትም። ስለዚህ ፈረንጆቹ ቤዝቦል የሚሉትን ጨዋታ መውደድ ሲጀምር፣ የሚወደው ባለቀ ማግስት መሆኑ የሚያውቁትን ሰዎች አላስገረማቸውም።

ሥራው ነው እንዲህ ያደረገው። ራሳቸው መንዳት የማይችሉ ሕመምተኞችን በቫን ወደ ሕክምና ያመላልሳል። ሌሊት ዘጠኝ ሰዓት ተኩል ስለሚነሳ ማታ ሁለት ሰዓት ላይ ይተኛል፤ የከተማው ቡድን ሜዳ ሲገባ እሱ አልጋ ይገባል። ጠዋት ግን የማታው ጨዋታ የሬዲዮ ስርጭት እንዳለ ስልኩ ላይ ይጠብቀዋል። ውጤቱን አስቀድሞ እንዳይሰማ ዜና አይከፍትም። ነዳጅ ማደያ ውስጥ ቴሌቪዥን ካየ ዓይኑን ይጨፍናል፤ አንድ ጊዜም እንደ ጨፈነ ቡናውን የማያውቀው ሰው ጀርባ ላይ ደፍቶታል። ከዚያ ቫኑ ውስጥ ብቻውን «በለው! በለው!» እያለ ይጮሃል። የሚጮህለት ተጫዋች ተሸንፎ፣ ታጥቦ፣ እራቱን በልቶ ከተኛ ስንት ሰዓት ሆኖታል። ይባስ ብሎ ይጸልይለታል። የአማርኛ ቸርች አስተናጋጅ እንደ መሆኑ፣ ባለቀ ጨዋታ ላይ መጸለይ ነገር እንዳለው አይጠፋውም፤ ቢሆንም እግዚአብሔር ከሰዓት በላይ ነው ብሎ ራሱን ያጽናናል።

ማክሰኞ፣ ሐሙስና ቅዳሜ ማለዳ የሚያደርሰው ጋሽ ገብረ ሥላሴን ነበር። ሰባ ስምንት ዓመታቸው ነው፤ በዚያችው ቸርች ሽማግሌ ናቸው። ዓይናቸው ደክሟል፣ ኩላሊታቸው ደግሞ ሥራውን ትቷል። ሳክሲ በምትባል ትንሽ ከተማ ከልጃቸው ከአበዛሽ ጋር ይኖራሉ፤ የኩላሊት እጥበታቸው ጎረቤት ከተማዋ ሮውሌት ነው። አራት ሰዓት ሙሉ ከማሽን ጋር ታስረው ሲወጡ ፊታቸው አመድ ይመስላል።

አንድ የኤፕሪል ማክሰኞ፣ ሊመልሳቸው ቀበቷቸውን ሲያስርላቸው «ሐሙስ አትምጣ» አሉት።

«ቀጠሮ ተቀየረ እንዴ ጋሼ?»

«አልተቀየረም። በቃኝ። ለአበዛሽም ነግሬያታለሁ። ሰው በሳምንት ሦስት ጊዜ እየታጠበ አይኖርም፤ ልብስ አይደለሁም።»

ሌላ ሰው ቢሆን ጥቅስ ይጠቅስ፣ እግራቸው ላይ ይወድቅ ነበር። ሞላልኝ ግን ሮጦ መሪው ጋ ተቀመጠ። ደንግጦ ቁልፉን ሲያዞር ጠዋት ያቆመው ጨዋታ ከመጨረሻው ዙር ላይ ቀጠለ፤ አስተላላፊው ጉሮሮው እስኪሰነጠቅ ይጮሃል።

«ምን ሆኖ ነው ይሄ ሰውዬ?» አሉ ጋሽ ገብረ ሥላሴ።

ሞላልኝ የሚያወራው ስላገኘ እግዚአብሔርን እያመሰገነ ማስረዳት ጀመረ። አንዱ ይወረውራል፣ አንዱ በዱላ ይመታል። መቺው ኳሷን ከአጥር ማዶ ካወጣት ሜዳውን ዞሮ ከተነሳበት ይመለሳል። የተነሳበት ቦታ ቤት ይባላል፤ ቤት የገባ ነጥብ ያስቆጥራል።

«ዞሮ ዞሮ ከቤት» አሉ ሽማግሌው።

የተረቱ ቀሪ «ኖሮ ኖሮ ከመሬት» ነው። ሞላልኝ እሱን እንዳይጨርሱት ፈርቶ ድምፁን ጨመረ። እንዲህ እንዲህ ሲሉ ሳክሲ ደረሱ። ቫኑን ሲያጠፋው አስተላላፊውም ዓረፍተ ነገሩ መሐል ላይ ጠፋ።

«ከዚያስ? ወጣች ኳሷ?»

«ሐሙስ ነዋ ጋሼ» አለ ሞላልኝ። በሕይወቱ ከተናገረው ሁሉ ብልህ ነገር ይህ ብቻ ነው፤ እሱም አስቦበት ሳይሆን አፉ ላይ የመጣለት ነው።

ሐሙስ በራቸው ላይ ቆመው ጠበቁት። በዚያው ሳምንት አበዛሽ እያለቀሰች ደወለችለት። «ሞላልኝ፣ አባዬ እሺ ብለዋል። ኳስ ተጫዋቾቹ የዓመቱን እስኪጨርሱ እሄዳለሁ፣ ከዚያ በኋላ ግን ማንም እንዳይለምነኝ ነው ያሉት። መቼ ነው የሚያልቀው?»

«ሴፕቴምበር መጨረሻ» አለ። ስልኩን ከዘጋ በኋላ በጣቱ ቆጠረ። የአንድ ሽማግሌ ዕድሜ በአንድ ደካማ ቡድን ላይ ተንጠልጥሎ ነበር።

ቡድኑ ደግሞ ደካማ ብቻ ቢሆን ጥሩ ነበር፤ መሳቂያ ነበር። አንድ የሜይ ሐሙስ ማለዳ፣ ወደ ሮውሌት ሲሄዱ አስተላላፊው ማይክሮፎኑ ላይ ሦስት ጊዜ አስነጠሰ። ጋሽ ገብረ ሥላሴም ለሬዲዮው «ይማርህ» አሉት። ከእጥበቱ ሲመለሱ ግን ጨዋታው ዘጠኝ ለአንድ ሆኖ ነበር፤ የአስተላላፊው ድምፅ እንደ ለቅሶ ቤት ወርዷል። ሽማግሌው ግንባራቸውን መስኮቱ ላይ አስደግፈው፣ ዓይናቸውን ሳይከፍቱ «እንዴት ሆኑ ልጆቻችን?» አሉ።

ሞላልኝን ያጠፋው «ልጆቻችን» ማለታቸው ነው። «አሸነፍን ጋሼ!» አለ።

ከዚያ በኋላ ቡድኑ በሞላልኝ ቫን ውስጥ ተሸንፎ አያውቅም። የእንግሊዝኛ ስማቸው ስለሚያስቸግር ተጫዋቾቹን ግራኙ፣ ባለ ጺሙ፣ ቀጮ እያለ ሰየማቸው። ማስታወቂያውን እየዘለለ፣ ያስተላላፊውን እያንዳንዱን ዓረፍተ ነገር ገልብጦ ይተረጉማል። አስተላላፊው ሲያዝን እሱ መሪውን እየደበደበ እልል ይላል። አስተላላፊው ዝም ሲል «በደስታ ድምፁ ተዘጋ» ይላል። ውሸትና ስንቅ እያደር ይቀላል ይባላል፤ የሞላልኝ ውሸት ግን እያደር ይከብድ ነበር። ማታ አልጋው ላይ ሆኖ ነገ ባለ ጺሙን እንዴት አድርጎ እንደሚያዋጣው ሲያስብ እንቅልፍ ያጣ ጀመር። ከበቡሽ «ምን ሆነሃል?» ስትለው፣ ትልቅ ሰው ሆኖ ምን ይበላት።

በጁላይ ነገሩ ቸርች ገባ። በምስክርነት ሰዓት ጋሽ ገብረ ሥላሴ ተደግፈው ተነሡና «እንደ ሞላልኝ አነጋገር ልጆቻችን ሰሞኑን ብቻ አሥራ አንድ ጊዜ በተከታታይ አሸንፈዋል፤ ጌታ ይመስገን» አሉ። ጉባኤው ስለ ምን እንደሆነ ሳይገባው «አሜን!» አለ። የኋላ ወንበር ላይ ያሉት ወጣቶች፣ አሥራ አንዱንም ተከታታይ ሽንፈት በዓይናቸው ያዩት፣ ከንፈራቸውን ነክሰው አጎነበሱ። ሞላልኝ በር ላይ ቆሞ እንደ አስተናጋጅ ፈገግ ማለት ነበረበት፤ ፈገግም አለ።

ከፕሮግራም በኋላ የአበዛሽ ልጅ ናኦሚ ፓርኪንጉ ላይ ያዘችው። ነርሲንግ ትማራለች፤ አማርኛዋ ጥቂት ነው፣ ዓይኗ ግን ምንም አያመልጠውም።

«ጋሽ ሞላ፣ ሶ፣ ቲሙ ላስት ፕሌስ ነው። ማለቴ፣ ያንን ታውቃለህ አይደል?»

«ከሁሉ መጨረሻ መሆናቸውን አውቃለሁ» አለ ሞላልኝ መሬት መሬት እያየ።

«ኦኬ። ጀስት ቼክ ማድረግ ፈለግኩ» አለችና እየሳቀች ሄደች። ለአያቷ ትነግርብኝ ይሆን ብሎ ሳምንቱን ሙሉ ሲሰጋ ሰነበተ። ጋሽ ገብረ ሥላሴ ግን ማክሰኞም መጡ፣ ሐሙስም መጡ፤ አልነገረችብኝም ብሎ ደስ አለው።

ሴፕቴምበር ሮጦ አለቀ። የመጨረሻው ጨዋታ እሑድ ነበር። ሞላልኝ ቅዳሜ ዕለት ሲመልሳቸው ያዘጋጀውን አወጣ። «ጋሼ፣ ይህን ያህል ያሸነፈ ቡድን እኮ እንዲሁ ወደ ቤቱ አይሄድም። ለዋንጫው ይጫወታል። ሌላ አንድ ወር አለ።»

«እንዲያ ነው?»

«እንዲያ ነው።»

«እሺ» አሉ።

ሞላልኝ ያላሰበው አንድ ነገር ነበር፤ ያልተደረገ ጨዋታ ስርጭት የለውም። ቢጨንቀው ያለፈውን በረበረና ድምፁ ጥርት ያለ አንድ የሜይ ጨዋታ መረጠ። የሜይን ማን ያስታውሰዋል አለ። እሱ ራሱ አላስታወሰውም።

ማክሰኞ ማለዳ፣ ከሳክሲ ሳይወጡ ጨዋታውን ለቀቀው። «ዋንጫው ተጀመረ ጋሼ! ስታዲየሙ ጢም ብሏል» አለ። አስተላላፊው ጥቂት አወራና ሦስት ጊዜ አስነጠሰ።

«ይማርህ» አሉ ጋሽ ገብረ ሥላሴ። ከዚያ ወደ ሞላልኝ ዞሩ። «ጉንፋኑ ከሜይ ጀምሮ አልለቀቀውም እንዴ?»

ሞላልኝ የሬዲዮውን ድምፅ ቀነሰው።

«ይችን አሸነፍን ብለኸኝ ነበር» አሉ። «ዘጠኝ ለአንድ ነው የተሸነፍነው።»

ቫኑን አንድ ፋርማሲ ፓርኪንግ አስገብቶ አቆመው። መሬት ተሰንጥቃ ብትውጠው በወደደ። «ማን ነገረዎት?»

«ናኦሚ ናታ። ማታ ማታ ስልኳ ላይ አይታ ትነግረኛለች፤ ከመጀመሪያ ጀምሮ።»

አምስት ወር ሙሉ። ሞላልኝ እልልታውን ሁሉ፣ መሪ ድብደባውን ሁሉ፣ «በደስታ ድምፁ ተዘጋ» ያለውን ሁሉ አንድ በአንድ አስታወሰ። «እንደ ሞላልኝ አነጋገር» ያሉትም አሁን ገባው፤ ሽማግሌው በጉባኤ ፊት አንዲት ቃል አልዋሹም።

«ታዲያ ለምን ዝም አሉኝ ጋሼ?»

«ሽንፈቱንማ ማታ ሰምቼ እተኛለሁ። ጠዋት የምመጣው አንተ ከዚያ ውስጥ እንዴት እንደምታወጣቸው ለመስማት ነው። አሥራ አንድ ለባዶ የተሸነፍን ዕለት ለናኦሚ ‹ዛሬስ ሞላልኝ አለቀለት› ብያት ነበር። አንተ ግን እግሩ የተሰበረውን ባለ ጺሙን ከአልጋ አስነስተህ አመጣኸው!» ሳቁ፤ ሲስቁ ትከሻቸው ተንቀጠቀጠ።

ሞላልኝ ግን መሳቅ አልቻለም። ጨዋታው አልቋል፤ ማለቁንም እሳቸው ያውቃሉ። ቃላቸውን እስከ መጨረሻው ጠብቀዋል፤ ከእንግዲህ ማንም ሊለምናቸው አይችልም። «ሐሙስ አትምጣ እንዳይሉኝ ፈርቼ ነው» አለና እንባው መጣ። መሪው ላይ ተደፍቶ እንደ ልጅ አለቀሰ፤ ክላክሱን ተጭኖት ቫኑ ሲጮህ ደግሞ ራሱ ደነገጠ።

ጋሽ ገብረ ሥላሴ እስኪበቃው ጠበቁት። «ዛሬ የመጣሁት ኦክቶበርን እንዴት እንደምትዋሽ ለማየት ነበር» አሉ። «እውነቱን ልንገርህ፣ አልተዋጣልህም።»

«አውቃለሁ ጋሼ።»

«በዓመት ስንት ጨዋታ ነው የሚጫወቱት?»

«መቶ ስድሳ ሁለት።»

በሳምንት ሦስት እያሉ በልባቸው አሰሉት። «ከዓመት በላይ ይወስዳል» አሉ። «እንግዲህ የሐሰቱን ጨርሰናል። አሁን ከመጀመሪያው ጀምርና እውነቱን አሰማኝ።»

ሞላልኝ አፍንጫውን በእጅጌው ጠረገ። «አብዛኛው ሽንፈት ነው እኮ ጋሼ።»

«መሸነፋቸውንማ አውቃለሁ። እንዴት እንደተሸነፉ ግን አልሰማሁም። ንዳ፣ የእጥበት ወንበሬን ለሌላ ይሰጡብኛል።»

የዓመቱን የመጀመሪያ ጨዋታ ከፍቶ ወደ ሮውሌት ነዳ። አስተላላፊው ያኔ ገና በተስፋ የተሞላ ነበር። ግራኙ ወረወረ፤ ሕዝቡ አጉረመረመ።

«ምን ሆነ?»

ሞላልኝ ምላሱ ለእልልታ ተዘጋጅቶ ነበር። «መቱት ጋሼ» አለ በግድ። «ከአጥር ማዶ ወጣች።»

«ይሄው! በመጀመሪያው ኳስ?» አሉ ጋሽ ገብረ ሥላሴ፤ ወደ ሬዲዮው ጠጋ አሉ።

ከእጥበቱ ሲመለሱ ፊታቸው እንደ ወትሮው አመድ መስሏል፤ ግንባራቸውንም መስኮቱ ላይ አስደግፈዋል። ሞላልኝ አንዳች ሳይጨምር፣ ባለ ጺሙ መሳቱን፣ ቀጮ መውደቁን፣ ልጆቻችን አምስት ለሁለት መሸነፋቸውን እያየ እንዳለ ሰው ተረከላቸው። ደጃፋቸው ሲደርስ ቀበቷቸውን ፈታላቸው፤ ክንዳቸውን ይዞ አወረዳቸው።

«ሐሙስ እንዳትዘገይ» አሉት።