የሚስ ዶሪን ቦርሳ

ሚስ ዶሪንን ላመስግናት ወይስ ልውቀሳት? እኔ እንጃ። የኮሌጅ ወንዶች በማኅበር ሆነው በሚኖሩበት በዚህ የተማሪዎች ወንድማማች ማኅበር ቤት አስራ ሁለት ዓመት አብረን ሠርተናል፤ እኔ ወጥ ሠሪ፣ እሷ ልጆቹን ለመንከባከብ የተቀጠረች የቤቱ እናት። ባሏ ከሞተ ጀምሮ ምድር ቤት ባለች አንዲት ክፍል እየኖረች የስልሳ ጎረምሳ ቁልፍ ትሰፋለች፣ ክራባት ታስራለች።

ከዓመታት በፊት አንዱ ሰክሮ ሲዘረር በጎኑ አስተኛችው። በጀርባው ተገልብጦ ትውከቱ እንዳያንቀው መጻሕፍት የሞላበት ቦርሳ በጀርባው አሸከመችው፤ እስኪነጋም ከአጠገቡ አልተነሳችም። ልጆቹ ታዲያ ቦርሳ ማሸከሙን ያዙና አጠገቡ ሆኖ መጠበቁን ረሱት!

ባለፈው ቅዳሜ የኳስ ጨዋታ ቀን ስለነበር ሁሉም እንደ ወጋቸው ኮቱን ለብሶ ለቁርስ ተሰልፏል። ኮልቢ የሚባለው አዲስ ገቢ ብቻ የለም። የበቆሎ ገንፎዬን ሦስቴ የሚያስጨምር ልጅ ነው።

“የታል ያ ሆዳም?” አልኩ።

“ተኝቷል። ትናንት ማታ በማኅበሩ ወግ ታላቅ ወንድሙ ሆኜ የአረቄ ጠርሙስ ሰጠሁት፤ ብቻውን ጨረሳት!” አለ ብራንት እየሳቀ። “አያስቡ ሚስ ኦዴሳ፣ ቦርሳ አሸክመነዋል። ልክ ሚስ ዶሪን እንዳስተማሩን።”

ሚስ ዶሪን ደነገጠች። “ማን አለ አብሮት?”

“ማንም። ቦርሳው አለ አይደል እሜቴ?”

ሮጣ ወጣች፤ ተከተልኳት። ኮልቢ እንደተጋደመ ከንፈሩ ጠቁሯል።

“አምቡላንስ ጥሩ!” ስትል ተከትሎን የመጣው ብራንት ስልኩን ይዞ “እሜቴ፣ ኮሌጁ ቤቱን ይዘጋብናል እኮ!” አይላትም? መንጭቄ ወሰድኩበትና ራሴ ደወልኩ።

ልጁ ተረፈ። እናቱ ሆስፒታል ውስጥ የሚስ ዶሪን አንገት ላይ ተጠምጥማ “ሐኪሙ ያዳነው ቦርሳው ነው አለኝ። እግዜር ይስጥልኝ!” አለቻት። ቦርሳው ባይኖር ግን ልጆቹ ፈርተው ማታውኑ ሐኪም ይጠሩለት ነበር። ላም እሳት ወለደች፤ እንዳትልሰው ፈጃት፣ እንዳትተወው ልጅ ሆነባት።

ሰኞ ልጆቹ በጭብጨባ ተቀበሏት። አዲስ ቦርሳ ገዝተው ስሟን በወርቃማ ክር አስጠልፈውበታል።

“ለሚቀጥለው አዲስ ገቢ ነው፤ ሳሎን እንሰቅለዋለን” አለ ብራንት፣ ከልቡ።

ሚስ ዶሪን ቦርሳውን ታቅፋ ደረጃው ላይ ተቀመጠች። እንባዋ ወረደ።

“ኦዴሳ፣ ብቀማቸው አንዱ ታንቆ ይሞትብኛል። ብተውላቸው ደግሞ በቦርሳው ተማምነው የሰከረውን ጥለውት ይተኛሉ። ምን ላድርገው?”

አጠገቧ ተቀመጥኩ።