ባሌን ያቆዩት ትሎች

ባሌ የወደቀው ጓሳ ሣር ሊያጭድ ወጥቶ ነው። የቤታችን ክዳን አርጅቶ ያፈስ ስለነበር ከክረምቱ በፊት ሣሩን መለወጥ ነበረብን። ጉሙ ወርዶ የገደሉን ጫፍ አላየውም። ጎረቤቶች በቃሬዛ ተሸክመው ሲያመጡት ላዩ ላይ ጭረት እንጂ ቁስል አልነበረውም፤ ሆዱ ግን ተወጥሯል። የጤና ኬላዋ ሠራተኛ ዳሰሰችውና ወደ ውጭ ጠራችኝ።

"ደሙ ወደ ውስጥ እየፈሰሰ ነው። ኦፕራሲዮን ካልተደረገ አያድርም" አለችኝ።

ኦፕራሲዮን የሚደረገው ዓለም ከተማ ሆስፒታል ወርዶ ነው። በዚያ ሰሞን ግን በአካባቢው በተነሣው ተኩስ ምክንያት መንገዱ ተዘግቶ መኪና የሚባል አይንቀሳቀስም ነበር። እኔ ደግሞ የመውለጃዬ ወር ገብቶ ነበር።

በእኛ አገር ባረጀ የጓሳ ክዳን ውስጥ የሚያበራ ትል አለ፤ አቆይ እንለዋለን። ከገብስ ቅንጣት አይበልጥም። ብርሃኑ ነጣ ያለ ነው፤ ጓዳው ጨለም ካለ በቀንም ይታያል። ያረፈበት ነገር ሁሉ እንደነበረ ይቀራል። ወተት ላይ ካረፈ ወተቱ አይረጋም፤ ጠላ ውስጥ ከገባ ጠላው አይፈላም። ስለዚህ እኛ ሴቶች እንደ ቁንጫ ነበር የምንጠላው፤ በጭስ ስናባርረው ነው የኖርነው። ሰው ላይ እንደሚደረግ ሲወራ እሰማለሁ እንጂ ሲደረግ አይቼ አላውቅም።

አማቴ፣ የባሌ እናት፣ ማንንም አላማከሩም። ወንፊት አንስተው ትሎቹን ከክዳኑ ሥር እያራገፉ ሰበሰቡና በልጃቸው ደረትና ሆድ ላይ አፈሰሷቸው። ነጠላቸውን ጣል አደረጉበት። ብርሃኑ በነጠላው ውስጥ መታየት ሲጀምር ባሌ ማቃሰቱን አቆመ።

"መንገዱ እስኪከፈት ነው" አሉኝ። "ያኔ አንስተን እንወስደዋለን።"

ያን ዕለት እግራቸውን ብስም ደስ ይለኝ ነበር።

ባሌ አልሞተም፤ አልዳነምም። አይርበውም፣ አይጠማውም፣ ጢሙም አያድግም። ዓይኑ ግን ይገለጣል። አጠገቡ ስቀመጥ "በጎቹ ገቡ?" ይለኛል። "ገብተዋል" እለዋለሁ። ትንሽ ቆይቶ በዚያው ድምፅ ያንኑ ይጠይቀኛል። መጀመሪያ መጀመሪያ እያለቀስኩ መለስኩለት፤ በኋላ ሊጥ እያቦካሁ፤ ሲቆይ ደግሞ ቀና ሳልል። ጎረቤቶች ሲመጡ እግዜር ይማርልሽ ይሉኛል፤ አንዳንዷ ደግሞ እግዜር ያጽናሽ ትለኝና ደንግጣ አፏን ትይዛለች።

ከአልጋው ማዶ ሴት ልጅ ወለድኩ። ወገቤ ጠንከር ሲልልኝ ሕፃኗን አንስቼ ወደ ፊቱ አስጠጋኋት።

"ልጅህ ናት" አልኩት።

አያት። "በጎቹ ገቡ?" አለኝ።

ክርስትና ስትነሳም አባቷ እዚያው ተኝቶ ነበር። የንስሐ አባታችን መጥተው ሲያዩት ቆዩና፣ "ለዚህ ሰው የምጸልየው ከሕያዋን ጋር ነው ወይስ ከሙታን ጋር?" ብለው አማቴን ጠየቋቸው።

"ልጄ ነው" አሉ አማቴ።

መንገዱ ተከፈተ ሲባል ከዘመሮ ከተማ አንድ አይሱዙ ለመንን። አማቴ አመነቱ። "እንዲህም ሆኖ አለልኝ እኮ" አሉ።

"እርስዎ ራስዎ መንገዱ እስኪከፈት ብለው ነበር" አልኳቸው። አሮጌ ጓሳ ጠቅልለው፣ ወንፊታቸውን ይዘው ተከተሉን።

ያላሰብነው ቆላውን ነበር። አቆይ የደጋ ፍጥረት ነው። ቁልቁለቱን ወርደን ወርደን ሙቀቱ ሲመታን ብርሃኑ ደበዘዘ፤ ትሎቹም እየረገፉ ከመኪናው ወለል ላይ ይወድቁ ጀመር። አማቴ እየለቀሙ ይመልሷቸዋል፤ ተመልሰው ይወድቃሉ። ባሌ አቃሰተ። ዞር ብሎ አየኝና ዓይኑ እኔ ላይ ቆየ።

"ሆድሽ የት ሄደ?" አለኝ።

"ወለድኩ።"

"መቼ?"

"አንተ ተኝተህ።"

ሕፃኗን ክንዱ ላይ አስተኛሁለት። ጣቱን ጨበጠችው። "ከባድ ናት" አለ። ፈገግ ሊል ሲል ሕመሙ ያዘው።

አማቴ የጋቢናውን ጣሪያ በመዳፋቸው ደበደቡ። ሹፌሩ አቆመ። "መልሰን ልጄ፤ ዳገቱን ስንወጣ ትሎቹ ነፍስ ይዘራሉ" አሉት። ሹፌሩ እኔን አየኝ። እኔ ወደ ባሌ ጎንበስ አልኩ።

"ብንመለስ ሕመሙ ይቆምልሃል፤ እሷን ግን አታውቃትም" አልኩት። ከዚህ በላይ ማስረዳት አልቻልኩም።

የእናቱን እጅ ያዘ። "እማዬ፣ ተይኝ" አላቸው።

ሹፌሩን "ንዳው" አልኩት።

ወንዙን ተሻግረን ዳገቱን እንደጀመርን ሞተ። እስከዚያ ድረስ ሕፃኗን እያየ ነበር። ዓይኑን የከደኑለት እናቱ ናቸው።

አሁን ዘመሮ የቆርቆሮ ቤት ተከራይቼ የበግ ፀጉር እየፈተልኩ እሸጣለሁ። አማቴ እዚያው አሮጌው ቤት ናቸው። በተዝካሩ ዕለት አንድ ነገር ብቻ ነገሩኝ፦ "እኔ ብሆን አላወርደውም ነበር።" "አውቃለሁ እማማ" አልኳቸው። ከዚያ ወዲህ አላወራንም። በገበያ ቀን ግን ይመጣሉ። ልጅቷን ጉልበታቸው መሐል ያቆሙና ያጠረባትን ቀሚስ እጥፋቱን ተርትረው ያስረዝሙላታል። ሲጨርሱ መርፌዬን ይመልሱልኝና ይሄዳሉ።