እትዬን ዝሆን ላሳይ የሄድኩ ጊዜ

እህቴ ሠላሳ አንድ ዓመት የሆስፒታል አንሶላ ተኩሳለች። አንሶላ፣ የትራስ ልብስ፣ የሐኪም ጋውን፣ ከዚያ ደግሞ እንደገና አንሶላ። የምትሠራው ምድር ቤት ነበር። ያለው መስኮት አንድ ብቻ ሲሆን፣ እሱም ከጣሪያው ሥር የተወሸቀ ጠባብ ነገር ስለነበር የአላፊ አግዳሚውን ጫማ ብቻ ያሳያል። የሆስፒታሉን ዋና ሐኪም ፊቱን ሳታውቀው የግራ ተረከዙ ማለቁን ታውቅ ነበር። «እኔ ሰው የማውቀው ከታች ወደ ላይ ነው» ትላለች።

እኔ እትዬ ነው የምላት። እሷ ማሙሽ ትለኛለች። ስልሳ ሁለት ዓመት ሞልቶኛል፣ ፀጉሬ ከፊት ሸሽቶ አልቋል፣ እሷ ዘንድ ግን ማሙሽ ነኝ፤ ደንበኛ ፊት ሳይቀር። እናታችን ስትሞት እኔ ስድስት ዓመቴ፣ እሷ አሥራ ሰባት ዓመቷ ነበር። ያሳደገችኝ እሷ ናት። ፎቶ ቤት ሄጄ ሙያ እንድለምድ እጄን ይዛ የወሰደችኝም እሷ ናት። ባል አላገባችም። ለምን ብለው ሲጠይቋት «አንድ ወንድ አሳድጌ በቃኝ» ብላ ትስቅ ነበር። እኔም አብሬ እስቅ ነበር፣ ምን ቸገረኝ።

ከመተኮሻ ጠረጴዛዋ ፊት ለፊት አንድ መድኃኒት አስመጪ ያደለው የቀን መቁጠሪያ ተሰቅሎ ነበር። ዓመቱ ካለፈ በኋላም ማንም አላወረደውም፤ አንዲት ዝሆን ግልገሏን አስከትላ ወንዝ ስትሻገር የሚያሳይ ሥዕል ስላለበት ነው። እትዬ ከዚያች ዝሆን ጋር ታወራለች። ጠዋት እንዴት አደርሽ፣ ማታ ደህና እደሪ ትላታለች። አለቃዋ ሲያናድዳት የምታማው ለእሷ ነው። የሥራ ባልደረቦቿ «አማችሽ እንዴት ናት?» እያሉ ይቀልዱባት ነበር። ጡረታ ስትወጣ ከምድር ቤቱ ይዛ የወጣችው አንድ ነገር ቢኖር ምኞቷ ነው። ዝሆን በዱር፣ በዓይኗ፣ አንድ ጊዜ ማየት።

«እኔ እወስድሻለሁ» አልኳት፣ አፌን ሞልቼ። የዚያን ዓመት ትምህርት ቤት ሊከፈት ሲል የጉርድ ፎቶ ወረፋ በዛና ለከርሞ አልኳት። በዓመቱ ጣሪያዬ አፈሰሰ። በሦስተኛው ዓመት ምን እንደነበር እንኳ ረስቼዋለሁ፤ የሆነ ነገር ነበር። እትዬ አንድም ቀን አልጨቀጨቀችኝም። ብትጨቀጭቀኝ ይሻል ነበር።

ከዚያ የዓይኗ ሕመም መጣ። መጀመሪያ የበር ጠርዝ ይመታት ጀመር፣ ቀጥሎ ጎን ለጎን የቆመ ሰው ሰላም ሳትለው ታልፋለች። ጎረቤት «ኮራች» ብሎ አማት። ሐኪም ዘንድ ስንሄድ ግላኮማ ነው አለን። ከዳር እየጨለመ ወደ መሀል ይጠባል። «በቁልፍ ቀዳዳ እንደማየት ነው» አለችው እትዬ። ሐኪሙ እኔን ኮሪደር ላይ ለብቻዬ ይዞ ቀዳዳው ራሱ የሚቆየው ቢበዛ አንድ ዓመት መሆኑን ነገረኝ። በማግሥቱ ሱቄን ዘግቼ አንድ ትንሽ አስጎብኚ ድርጅት ዘንድ ሄድኩና ሁለታችንን አስመዘገብኩ። በአንድ መኪና ስድስት ሰው ብቻ ነው የሚወስዱት፣ ለሁለት ቀን። እትዬ ስትሰማ ልቧ ቅቤ ጠጣ። ሻንጣዋን አንድ ሳምንት ቀድማ አዘጋጀች፤ ልብሱ ሁሉ ተተኩሶ።

እኔ ደግሞ የፎቶ ቤቱን ካሜራ ከነባለ ሦስት እግር ማቆሚያው ተሸክሜ መጣሁ። እትዬ ዳሰስ ዳሰስ አደረገችውና «መታወቂያ ልታወጣላቸው ነው?» አለችኝ።

መንገድ ላይ አንድ ብልሃት ተለማመድን። እትዬ አንድን ነገር ፈልጋ ለማግኘት ጊዜ ይፈጅባታል፤ ቀዳዳዋን በትክክል እዚያ ላይ ማሳረፍ አለባት። እኔ ደግሞ ዕድሜ ልኬን የሰው አገጭ በሁለት ጣት ይዤ «ትንሽ ወደ ቀኝ፣ ቀና፣ በቃ» ስል የኖርኩ ሰው ነኝ። እና አገጯን ይዤ አዞርኳት። ኮረብታ፣ ግንድ፣ ግንዱ ላይ ያለች ወፍ። «አገኘኋት» ትለኛለች፣ ፊቷ ፈክቶ። ከኋላችን የተቀመጡት ባልና ሚስት፣ ጡረታ የወጡ አስተማሪዎች ናቸው፣ ሲያዩን ደስ ይላቸው ነበር። «አንተ አቅጣጫውን ብቻ ስጠኝ፣ የቀረውን ለእኔ ተወው» አለችኝ እትዬ። እሺ አልኳት።

አስጎብኚያችን ቀጭን ሰው ነው፣ ሲናገር እንኳ ሕፃን የሚያስተኛ ይመስላል። ከመኪና ወርደን በእግር ከመሄዳችን በፊት ሰብስቦ መከረን። ማውራት የለም፣ ሽቶ የለም፣ በድንገት መነሳት የለም። «እነዚህ መንጋዎች አዳኝ ያሳደዳቸው ናቸው፣ ጥይት ያውቃሉ። ዝሆን ዓይኑ ደካማ ነው፤ የሚሸሸው ሰምቶና አሽትቶ ነው። ቅርንጫፍ እንኳ ቀጭ ካለ አለቀ።» ሁላችንም ራሳችንን ነቀነቅን። እኔ ከሁሉም በላይ ነቀነቅኩ።

ኩሬው ዳር ከፍ ያለ የእንጨት ማማ ሠርተዋል። እትዬን ደግፈን በመሰላሉ አወጣናት። አስጎብኚው «እማማ፣ እርስዎ ከፊት ይሁኑ» ብሎ አግዳሚው ጫፍ ላይ፣ ምንም የማይጋርድበት ቦታ አስቀመጣት። እኔ ከጎኗ ካሜራዬን ተከልኩ። ጠዋት ነው፣ አየሩ ደስ ይላል። ሁለት ሰዓት ያህል ጠበቅን። እትዬ እጆቿን ጭኗ ላይ አጣጥፋ፣ ፎቶ ልትነሳ የተቀመጠች ይመስል፣ አልተንቀሳቀሰችም።

ድንገት አስጎብኚው ጣቱን አነሳ። መጡ።

እንግዲህ የእኔን ነገር ስሙ። እኔ ዓይኔን ካሜራው ላይ ደቀንኩ። ፀሐይ ከኋላቸው ናት፣ ብርሃኑ አስቸገረኝ፣ እሱን አስተካከልኩ። አንዱ ከሌላው ጋር ተደራረበ፣ እስኪለያዩ ጠበቅኩ። እትዬ እጅጌዬን ነካ አደረገችና በሹክሹክታ «ማሙሽ፣ የት ናቸው?» አለችኝ።

«አንዴ ቆይ እትዬ።»

ትንሽ ቆይታ እንደገና ነካችኝ። «የት?»

«አንድ ደቂቃ።»

በጎን ዓይኔ አየኋት። ፊቷን ወደ ግራ፣ ምንም ወደሌለበት ቁጥቋጦ አዙራ፣ የወደቀ መርፌ እንደሚፈልግ ሰው ቀስ እያለች ታስሳለች። ይህን አይቻለሁ። አላየሁም ብል ውሸት ነው። ሁለት ጣት ብቻ ነበር የምትፈልገው። አገጯን ይዤ እንዲህ ማድረግ። እኔ ግን ጆሮ ዳባ ልበስ ብዬ ወደ ካሜራዬ ተመለስኩ፤ አንድ ጥሩ ፎቶ ላንሳና ከዚያ ተረጋግቼ አሳያታለሁ ብዬ። ዝሆኖቹ ውሃ ላይ ናቸው፣ የት ይሄዳሉ።

ችግሩ ጀርባቸውን ሰጥተውኛል። ጀርባ ምን ያደርግልኛል? ቆሜ ጠበቅኩ፣ አይዞሩም። በሱቄ ሰው ወደ ካሜራው አላይ ሲለኝ አንድ ጊዜ አጨበጭባለሁ። ሕፃንም ቢሆን፣ ባለሥልጣንም ቢሆን፣ እንቅልፍ የሚያንጎላጅጀው ሽማግሌም ቢሆን፣ ጧ ሳደርግ ቀና ይላል፣ እኔም አነሳዋለሁ። አርባ ዓመት እንዲህ ነው የሠራሁት። አስቤበት አላውቅም፣ እጄ ራሱ ነው የሚያደርገው።

የዚያን ቀንም እጄ ራሱ አደረገው።

ጧ። ሁሉም በአንድ ጊዜ ወደ እኔ ዞሩ። ካሜራውን ተጫንኩት። ከዚያ ማማው ተንቀጠቀጠ፣ ቅርንጫፍ ተሰባበረ፣ ኩሬው ዳር አቧራ ብቻ ቀረ። አስጎብኚው ሁለት እጁን ራሱ ላይ ጭኖ «ጋሼ፣ ምን ነካዎት?» አለኝ። አልጮኸም፣ ቢጮህ ይቀለኝ ነበር። ሴትዮዋ አስተማሪ ፊቷን አዞረችብኝ። ውሃ ሆንኩ።

ያን ጊዜ ነው የእትዬን አገጭ የያዝኩት። ወደ ኩሬው አዞርኳት። «አየሽ?» አልኳት፣ ዓይኔን በጨው ታጥቤ።

«አየሁ እኮ» አለችኝ። «ትልቁን በደንብ አየሁት። እሰይ፣ ማሙሽዬ፣ እሰይ።»

አመንኳት። ማመኑ ይበጀኝ ስለነበር አመንኳት። ከሰዓት በኋላም፣ በማግሥቱ ጠዋትም ወደዚያው ማማ ተመልሰን ተቀመጥን፤ አንድም አልመጣ። በመኪናው ስንመለስ ማንም አላናገረኝም። እትዬ ብቻ ከቦርሳዋ ብርቱካን አውጥታ በእጇ እየዳሰሰች ላጠችልኝ።

ፎቶው ግን ጉድ ሆኖ ወጣ። እንደ እኔ ያለ የጉርድ ፎቶ አንሺ ዕድሜ ልኩን የማያገኘው ነው። አሳድጌ አሳተምኩትና ሱቁ ውስጥ ሰቀልኩት። መንገደኛ ሳይቀር እየገባ ያየው ጀመር፣ ስሜም «የዝሆኑ ሰውዬ» ሆነ። እንዴት እንዳነሳሁት ሲጠይቁኝ ማጨብጨቤን እንደ ቀልድ አወራላቸው ነበር። እያጨበጨብኩ ሳይቀር አሳያለሁ። ሰው በሳቅ ይፈርሳል። እትዬ ጥግ ያለችው ወንበር ላይ ተቀምጣ አብራ ትስቃለች። አሁን ሳስበው ምላሴን ቢቆርጠኝ ይሻል ነበር።

ሐኪሙ ያለው አንድ ዓመት እንኳ አልሞላም፤ በአሥረኛው ወር ቀዳዳው ተደፈነ። አንድ ጠዋት ቤቷ ስገባ መብራት ጠፍቶ እንደሆነ ጠየቀችኝ። አልጠፋም ነበር።

ባለፈው እሑድ ቤቷ ሄጄ የታጠበ አንሶላ እያጠፍን ነበር። ብርሃን ባይኖራትም እጇ ሥራውን አልረሳም፣ ጠርዝ ከጠርዝ ሲገጥም በጣቷ ታውቃለች፤ የሚበላሸው በእኔ ወገን ያለው ነው። አንዱን ጫፍ እኔ ይዣለሁ፣ አንዱን እሷ።

«ማሙሽ፣ አንድ ነገር ልጠይቅህ፣ አትቆጣም?»

«እኔ አንቺን?»

«ዝሆኖቹ ምን ይመስሉ ነበር?»

እጄ ላይ ያለው አንሶላ ከበደኝ። «አይተሻቸው የለ እንዴ?» አልኳት።

«አላየሁም። አቧራ ነው ያየሁት። ያኔ ስትጠይቀኝ ድምፅህ አንጀቴን በላው፣ ምን ልበልህ። አሁን እንግዲህ ወደፊትም አላይ፣ ብትነግረኝ ብዬ ነው።»

ስለ ይቅርታ ልናገር አፌን ከፈትኩ፤ «ተው፣ እሱን አልጠየቅኩህም» አለችኝ። ስለዚህ መናገር ጀመርኩ። ሰባት ናቸው፣ ትልቋ መሀል ላይ ጆሮዋን ዘርግታለች፣ በስተቀኟ ግልገሏ፣ ሁሉም ወደ ፊት ያያሉ…

«እሱ ፎቶው ነው» አለችኝ። «ፎቶውንማ ጎረቤቱ ሁሉ ነግሮኛል። ከዚያ በፊት ያለውን ንገረኝ። ሲመጡ እንዴት ነው የሚመጡት? ውሃ ሲጠጡስ? ግልገሉ ውሃውን ሲያይ ምን አደረገ?»

አሰብኩ። የምሬን ነው፣ ላብ እስኪያጠምቀኝ አሰብኩ። ብርሃኑ ትዝ ይለኛል። ጀርባቸው እንዳናደደኝ ትዝ ይለኛል። አሥር ደቂቃ ይሁን ሃያ ደቂቃ፣ ከፊቴ ቆመው ጠጥተዋል፤ ግልገሉም የሆነ ነገር አድርጎ ይሆናል።

«ትልልቅ ናቸው» አልኳት።

«እሱንማ አውቃለሁ» አለችኝና ጠበቀችኝ።

«እኔም አላየኋቸውም፣ እትዬ።»

የያዘችውን የአንሶላ ጫፍ ሳትለቅ ፊቷን ወደ እኔ አዞረች። የተቆጣች አትመስልም፣ የገረማት ነው የምትመስለው።

«ታዲያ ማን አያቸው?» አለችኝ።