አረንጓዴው ክር

ዘንድሮ ፍኖተ ሰላም መናፈሻ ውስጥ በየዓመቱ በሚደረገው የወይንና የጃዝ ቀን፣ አንዲት አስተናጋጅ አንገቱ ላይ አረንጓዴ ጥብጣብ የታሰረበት ጠርሙስ ይዛ በፊቴ ስታልፍ፣ ወይኑን ሳልቀምሰው የጌሾ ምሬት አፌን ሞላው።

ልጅ ሳለሁ በዚያው መናፈሻ፣ ዋርካው ሥር የሚከበረው የጠጅ ቀን ነበር። ከቡሬና ከማንኩሳ የመጡ ጠጅ ጣዮች ሣሩ ላይ ጋናቸውን ይደረድራሉ፤ ቀን ቀን ልብስ የሚሰፋው ጎልማሳ ጉንጩን ነፍቶ አሮጌ ሳክስፎን ይነፋል፤ ሽማግሌዎች እየቀመሱ የዓመቱን ጠጅ ይመርጣሉ። ለዘመድ እንዳያደሉ ጠጁ በብርሌ ይቀዳና በየብርሌው አንገት ልብስ ሰፊው የሰጠው ባለቀለም ክር ይታሰራል፤ የትኛው ክር የማን እንደሆነ የሚያውቀው አሳሪው ብቻ ነው። በአሥር ዓመቴ ይህ ሥራ ለእኔ ደረሰኝ። ዋናው ቀማሽ አያ ደምሴ፣ “ይቺ ልጅ ምላሷን ቤት ረስታ ነው የምትመጣ፤ ምስጢር አታወጣም” ብለው ነበር።

እናቴ በዚያ ዓመት የመጣችው ስሟን ልታጠራ ነው። “ጠጇ ስኳር አለበት” የሚል ወሬ ማንኩሳ ገበያ ተነዝቶባት ስለነበር፣ አጎቴ ከገዛ ቀፎው በቆረጠላት ማር ብቻ ጠጇን ጥላ መጣች። ለእሷ አረንጓዴ፣ ለጎረቤታችን ለእትዬ የሺ ቀይ ክር አሰርሁ።

አያ ደምሴ አረንጓዴውን ከፍ አድርገው፣ “ማር ማለት ይህ ነው። የማን ነው ልጄ?” ሲሉ ሳክስፎኑ ዝም አለ፤ ሰው ሁሉ ወደ እኔ ዞረ። የእናቴን ስም ብጠራ “ለእናቷ አደላች” የሚሉኝ መሰለኝ።

“የእትዬ የሺ” አልሁ።

እልልታው ሳያባራ ቀዩን አነሡ። “ይኸ ማርን በሩቁ የሚያውቃትስ? ስኳር ነው እኮ።” ሰዉ ሳቀ። የእትዬ የሺን ስም አንዴ ሰጥቼዋለሁ፤ ሌላው ሁሉ የየራሱ ክር አለውና ለቀዩ የቀረኝ የእናቴ ነበር፤ ጠራሁት።

በጋሪ ስንመለስ እማዬ ነጠላዋን እስከ ዓይኗ ተከናንባ ብዙ መንገድ ከሄድን በኋላ፣ “ክሩን በደንብ ነው ያሰርሽው?” አለችኝ።

“አዎ።” ክሩንማ በደንብ ነበር ያሰርሁት።

“እንግዲያ ማሩ ነው። ወንድሜ ንቦቹን ስኳር አብልቷቸዋል።”

ከዚያ ወዲያ ጠጅ አልጣለችም፤ የወንድሟንም ደጅ አልረገጠችም። እሱ በየዓመቱ ማር በቅል ይልካል፣ እሷ ሳትከፍት ትመልሳለች። እኔ መጀመሪያ እስካድግ፣ ቀጥሎ ዩኒቨርሲቲ እስክጨርስ እያልሁ እውነቱን ሳቆየው፣ አጎቴ ጥፋቱን ሳያውቅ አምና ሞተ። እናቴ መቃብሩ ላይ ቆማ፣ “ይቅር ብየዋለሁ” አለች።

ዘንድሮ ከመናፈሻው በባጃጅ ማንኩሳ ስገባ ደጅ ተቀምጣ ነበር።

“ያ ጡሩንባ ዛሬም ይነፋል?”

“ይነፋል።”

“ጠጁስ?”

“ቀርቷል እማዬ። ወይን ሆኗል።”

“ምን ያርጉ። ማር እንደሁ እምነት አጥቷል።”

አፌን ከፈትሁ።

“እራት ላቅርብ?” አልኋት።