ውሃ የተከለከለው ጄድ

ሰው ቃል ገብቶ እንዴት እንዲህ ያደርጋል? ደብረ ታቦር በተከራየሁት ክፍል መስኮት ላይ ጄድ የሚባል የቤት አትክልት ነበረኝ። ጄድ ወፍራም ቅጠሉ ውስጥ ውሃ ያጠራቅማል፤ ስለዚህ የሚገድለው ጥም ሳይሆን የውሃ ብዛት ነው። ይህን ከስልኬ አንብቤ ነው የተማርኩት። ለአጨዳ ወደ ገሳይ ስሄድ ለአከራዬ ለእማማ ጥሩዬ ሁሉንም አስረዳኋቸው።

«ሦስት ሳምንት ሙሉ ውሃ እንዳያስነኩት!»

«ምነው ልጄ፣ ምን በደለህ?» አሉ። ቢሆንም ቃል ገቡልኝ።

ስመለስ ግንዱ በስብሷል። ስነካው እንደ ተቀቀለ ድንች እጄ ላይ ፈረሰ። ደሜ ፈላ።

«እማማ፣ ውሃ አጠጥተውታል አይደል?»

«እኔ? ጠብታ አላስነካሁትም!»

«አፈሩ እኮ ጭቃ ሆኗል!»

«ቅጠሉ ሲጨማደድ ታሞ ነው ብዬ ጠዋት ጠዋት ጸበል አጠጣሁት እንጂ፣ ውሃማ አልሰጠሁትም።»

«እሱስ ውሃ አይደለም?» ብዬ ጮህኩ።

እማማ ከመደቡ ብድግ አሉ። «እግዚኦ! ጸበሉን ነው ውሃ ያልከው? በል አሁኑኑ ይቅርታ ጠይቅ!»

አትክልቴ የሞተብኝ እኔ፣ ይቅርታ የጠየቅኩትም እኔ!