ያሳበጠኝ በርበሬ፣ ያስታረቀኝ የዶሮ ሰላጣ

መጀመሪያ የነገረኝ ጫማዬ ነው። ከቤተክርስቲያን መልስ ላወልቀው ብል እንቢ አለኝ። እንደምንም ጎትቼ ሳወልቀው የካልሲዬ ጠርዝ እግሬ ላይ ቦይ አውጥቷል። በጣቴ ጫን አደረግኩት፣ ጎደጎደ። ጎድጉዶም ቀረ፣ ልክ እንደ ሊጥ።

እኔ ግን ምን አልኩ መሰላችሁ? «እሰይ፣ ወፈርኩ!» ዕድሜ ልኬን ቀጫጫ ነኝ፤ ጉለሌ ውስጥ ከኔ የቀጠነ ብትፈልጉ የመብራት ምሰሶ ነው የምታገኙት። ጎረቤቴ ጥሩነሽም አይታኝ «ዘነቡ፣ ዘንድሮስ ተመችቶሻል፣ አማረብሽ» አለችኝ። ደስ ብሎኝ አመንኳት።

ይሄን የምነግራችሁ የልብ ድካም አለባችሁ ለተባላችሁና ለአስታማሚዎቻችሁ ነው። እኔ ፊደል አልቆጠርኩም። እኔ አወራለሁ፣ የልጅ ልጄ ሳሮን ትጽፋለች። ከራሷ የጨመረችው ነገር ካለ ከሷ ጋር ተነጋገሩ።

ከጫማው በኋላ ትንፋሼ መጣ። ወደ ቁስቋም የሚወጣውን ዳገት ድሮ እያወራሁ ነው የምጨርሰው። አሁን ትንፋሽ አሳጥቶ አፌን አዘጋኝ። ጥሩነሽ «ምነው ዛሬ ዝም አልሽ?» ብላ ደነገጠች፤ እኔ ዝም ስል ሰው ይደነግጣል። ቀጥሎ በጀርባዬ መተኛት አቃተኝ። ጋደም ስል ውሃ ውስጥ የገባሁ ይመስለኛል። ትራስ በትራስ ላይ ደረብኩ። በኋላ ተቀምጬ ማደር ጀመርኩ። ለማንም አልተናገርኩም። እርጅና ነው አልኩ።

አንድ ጠዋት ትንፋሽ አጣሁ። አፌን ከፈትኩ። አየር የለም። ሳሮን ጮኸች። ታክሲ መጣ። ከንፈሬ ጠቁሮ ነበር አሉ። እኔ የማስታውሰው የሳሮንን እጅ ነው። እጄን ጨብጦ አልለቀቀም።

ሆስፒታል ኦክስጅን አደረጉልኝ። ደረቴ ላይ ቀዝቃዛ ነገር ቀብተው ኤኮ የሚሉትን አነሱኝ፤ ልብን በቴሌቪዥን የሚያሳይ ነው። ሐኪሟ ልጅ እግር ናት፣ የኔን ሳሮን ታህላለች።

«እማማ፣ ልብዎ ደክሟል» አለችኝ። «ደም የመግፋት ኃይሉ ቀንሷል። ሳንባዎና እግርዎ ላይ ውሃ የቆመው ለዚያ ነው።»

«ከደከመማ ፈቃድ ስጪውና ትንሽ ይረፍ።»

«እሱ ፈቃድ የለውም፤ ሥራውን ነው የምናቀልለት» አለች፣ ሳቋን ዋጥ አድርጋ።

ፉሮሴማይድ የሚባል መድኃኒት በደም ሥሬ ሰጡኝ። ውሃውን በሽንት ያስወጣል። ያን ሰሞን ሽንት ቤትና እኔ ጎረቤት ሆንን። እግሬ ሟሸሸ፣ እንደ ልማዴ መቅጠን ጀመርኩ። ስወጣ ሐኪሟ የሚዋጥ መድኃኒት ሰጥታኝ አጥብቃ ያዘዘችኝ አንድ ነገር ነው፦ ጨው ይቁም። ጨው ውሃን ይዞ ያስቀራል፣ ውሃው ልብን ያስጨንቃል። እኔም በማርያም ብዬ ማልኩላት።

መሐላዬንም ጠበቅኩ። የጨው ዕቃውን አንስቼ ለጥሩነሽ ሰጠሁ። ሽሮዬን ያለ ጨው፣ ምስሬን ያለ ጨው። መድኃኒቴን በሰዓቱ። የእግሬ እብጠት ግን ተመልሶ መጣ። ትራሱም ተመልሶ መጣ።

ሳሮን አንድ ቀን ፊት ለፊቴ ቁጭ አለች። «እምዬ፣ እውነቱን ንገሪኝ። ተደብቀሽ ጨው ትበያለሽ?»

በሕይወቴ ተደብቄ የበላሁት ብዙ ነው፤ የሷን ቸኮሌት ሳይቀር። ይሄን ግን አልበላሁም። አላመነችኝም። ከሕመሙ ይልቅ ያ አመመኝ።

እንደገና ተኛሁ። እንደገና ኦክስጅን። ሐኪሟ ሳሮንን በር ላይ አቁማ ታወራታለች። እኔ ጆሮዬ ጤነኛ ነው።

«እንዲህ እየተመላለሱ ልባቸው አይችልም» አለቻት።

ግድግዳውን አየሁ። ቀልድ አልመጣልኝም።

በማግሥቱ ሐኪሟ ወንበር ስባ አጠገቤ ተቀመጠች። «እማማ፣ ከጠዋት ጀምሮ የሚበሉትን ይንገሩኝ። እንዴት እንደሚሠራም ጭምር። በርበሬውንስ ከየት ነው የሚገዙት?»

ልጆቼ፣ እኔን በርበሬ ትገዣለሽ ወይ ብሎ መጠየቅ! መንደሩ ሁሉ በርበሬ የሚያዘጋጀው እኔን ጠርቶ ነው። ኦክስጅኑን ከአፍንጫዬ ገለል አድርጌ ቀና አልኩ። «የምን ግዢ! ዛላውን ከአዲሱ ገበያ መርጬ አመጣለሁ፣ እቀነጥሳለሁ። ነጭ ሽንኩርቱን፣ ዝንጅብሉን፣ በሶብላውን አብሬ ደልዤ ፀሐይ ላይ አሰጣዋለሁ። ሲደርቅ ኮረሪማ፣ ጥቁር አዝሙድ፣ ነጭ አዝሙድ፣ ከዚያ የታመሰ ጨ...»

አፌን ዘጋሁ።

«ይቀጥሉ እማማ።»

«ጨርሻለሁ።»

«የታመሰ ምን አሉ?»

«ጨው።»

«ብዙ ነው?»

«ደህና አድርጌ ነዋ። ካልሆነማ ይነቅዛል።»

«ሽሮውስ ሲፈጭ?»

«ሽሮውም...»

ሐኪሟ እስክሪብቶዋን አስቀመጠች። «እማማ፣ ጨው አቁመው አያውቁም እኮ።»

ላዩ ላይ የምነሰንሰውን ነበር የተውኩት። ውስጡ ገብቶ የተፈጨውን እንደ ጨው ቆጥሬው አላውቅም። ለኔ እሱ በርበሬ ነው። ሳሮን ያበጠ እግሬን አቅፋ አለቀሰች፣ ሳታምነኝ ስለቀረች። «ቀስ በይ፣ ውሃ ላይ ውሃ አትጨምሪብኝ» አልኳት። ያኔ ሐኪሟም ሳቀች።

አሁን የእግሬ እብጠት ጎደለ፣ ትንፋሼ ተመለሰ፣ ቤቴ ገባሁ። ግን ምን ልብላ? ያለ በርበሬ ያደረ አፍ የለኝም። ቅቅል ድንች ሲሰጡኝ የሕፃን ምግብ መሰለኝ። ምግብ መግፋት ጀመርኩ፤ ቀድሞም ሥጋ የለኝ፣ ሰውነቴ አለቀ። ሐኪሟ «መብላት አለብዎት፤ መድኃኒቱን በባዶ አቅም አይችሉትም» ብላ ተቆጣች። ቀሚሴ ላዬ ላይ ሲዞር እያየች የምታብሰለስለው ግን ሳሮን ነበረች።

ሳሮን የቻይና ምግብ ቤት ወጥ ቤት ውስጥ ነው የምትሠራው። አንድ እሑድ ዶሮ፣ ጥቅል ጎመን፣ ካሮትና አንድ ጥቁር ጠርሙስ ይዛ መጣች። «የእስያ ዓይነት የዶሮ ሰላጣ ነው የምሠራልሽ» አለችኝ። «እኛ ጋ ሰው ተሰልፎ ነው የሚበላው።»

ዶሮዋን እኔ ልጠብ አልኩ። ዶሮ በሎሚና በጨው ታሽቶ ነው የሚታጠበው፤ ጨው አቀብይኝ ልል አፌን ስከፍት ዓይኗን አፈጠጠችብኝ። በሎሚ ብቻ አሽቼ በውሃ ላይ ውሃ ለቀለቅኳት። ሳሮን የደረቷን ሥጋ፣ ፈረሰኛውን፣ በዝንጅብልና በቀይ ሽንኩርት ቀቅላ እንዲበርድ አስቀመጠችና ቃሪያ ልታመጣ ወጣች።

እኔ ደግሞ ጎመኑን አየሁት። ቀጭን ቀጭን ተደርጎ ተከትፏል፣ ጥሬውን ነው። ምስኪን ልጅ፣ መቀቀሉን ረስታዋለች አልኩ። ድስት ጥጄ ጨመርኩት።

ተመልሳ ክዳኑን ስትከፍት ጮኸች። «እምዬ! ጥሬውን እኮ ነው የሚበላው! ኩርሽም ኩርሽም ማለት አለበት!»

«ለበግ ነው ለሰው?»

«ላንቺ ነው!»

የተቀቀለውን ራሷ በላችው፣ እየተነጫነጨች። ሌላውን ግማሽ ጎመን አምጥታ ቢላዋና መክተፊያ ፊቴ አስቀመጠች። ተቀምጬ እንደ ፀጉር አቀጠንኩት። ከሆስፒታል ከወጣሁ ወዲህ ቢላዋ ስይዝ የመጀመሪያዬ ነበር፣ ትንፋሽም አላጠረኝም። ጎመኑን አቼቶ ባለበት ውሃ አጥባ ቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ ትንሽ ዘፈዘፈችው፤ ኩርሽም እንዲል ነው። ከዚያ አጥልላ በንጹሕ ጨርቅ አደረቀችው። ካሮቱን ፋቀችበት፣ ፍሬው የወጣለት ቃሪያ ጨመረችበት። ዶሮዋን በጣቷ በክር በክሩ ተለተለቻት።

ቀጥሎ ማጣፈጫው መጣ። ጥቁሩን ጠርሙስ ከፍታ ልታንቆረቁር ስትል «ቆይ» አልኳት። መዳፌ ላይ ጠብ አድርጌ ላስኩት።

«አንቺ ልጅ! ይሄ ጨው ነው፣ ጠቁሮ የመጣ!»

«ሶያ ሶስ ነው እምዬ...» አለችና ራሷም ቀመሰችው። ጠርሙሱን አገላብጣ አየችው። ምግብ ቤት ሙሉ ቀን ስታፈሰው ትውላለች፣ እንደ ጨው ቆጥራው አታውቅም። እኔስ በርበሬዬን ቆጥሬው መች አውቅ ነበር? ጠርሙሱን ከደነችና በቤታችን ባለው አዘጋጀን። ሎሚ ጨመቅን፣ ብርቱካንም ጨመቅን። ዝንጅብልና ነጭ ሽንኩርት እኔ ወቀጥኩ። ትንሽ ማር፣ ጠብታ አቼቶ፣ የሰሊጥ ዘይት። ጨው የሌለው የተቆላ ለውዝ እስኪያወዛ ወቅጬ አብሬ መታሁት። ወፍራም ሆነ። ጣቴን ነክሬ ላስኩ። አፌ ውስጥ ከስንት ጊዜ በኋላ አንድ ነገር ነቃ።

«ላዩ ላይ የሚቆረጠም የተጠበሰ ፓስታ ነበር የሚነሰነሰው» አለች ሳሮን፣ «ግን የምናመጣው ጨዋማ ነው።»

«ድርቆሽ አለኝ» አልኳት።

ሳቀችብኝ። የቻይና ምግብ ላይ ድርቆሽ! የኛ እንጀራ ግን ጨው የለውም። አድቅቄ፣ በመጥበሻ ሞቅ አድርጌ ነሰነስኩት፤ የታመሰ ሰሊጥም ከላዩ። እሷ ሳቋን ሳትጨርስ ሁለተኛ ጎረሰች፣ ሦስተኛም። ወደ ሥራ ስትሄድ በላስቲክ ድርቆሽ ቋጥራ ወሰደች፤ ለቻይናዎቹ ታስቀምስ አታስቀምስ አልነገረችኝም።

እኔም በላሁ። በቀሩኝ ጥርሶች፣ ቀስ እያልኩ። የራሴን ኩርሽምታ ስሰማ ሳቅ አፈነኝ፤ ድምፅ ያለው ምግብ ጠግቦ የሚጫወት ልጅ ያስመስላል። ሳህኑን ጨረስኩ። ሳሮን ሳህኑን አንስታ ፊቷን አዞረች። ማልቀሷን አይቻለሁ። ይሄን አልጽፍም ብላኝ ነበር፤ ጻፊው ብያታለሁ።

ከዚያ ወዲያ ነገሩ ቀስ በቀስ ቀና። አንድ ቀን ሰላጣ፣ አንድ ቀን ያለ ጨው የተፈጨ ሽሮ፣ አንድ ቀን ዓሣ በሎሚ፣ እንዲህ እያልኩ ምላሴ ከዝንጅብልና ከነጭ ሽንኩርት ጋር ተዋወቀ። በጾም ዶሮዋን ትቼ የተቀቀለ ሽንብራ አደርግበታለሁ፤ ያም ያምራል። ጠዋት ጠዋት ሚዛን ላይ እወጣለሁ። ቁጥሩን ሳሮን ታነብልኛለች፣ ድንገት ከጨመረ ለሐኪሟ ትደውላለች። ጥሩነሽ «ወፈርሽ» ስትለኝ አሁን ደስ አይለኝም፤ ጎንበስ ብዬ ቁርጭምጭሚቴን ጫን አደርጋለሁ።

ጎመን ልብ ያድናል አላልኩም። ልቤን የያዘልኝ ከአምላክ በታች መድኃኒቱና ያቺ ሐኪም ናቸው፤ መድኃኒቴን አሁንም እወስዳለሁ፣ እናንተም እንዳትተዉ። የናንተ ሕመም ከኔ ሊለይ ይችላል፣ የምትበሉትን ሐኪማችሁን ጠይቁ። ስትጠይቁ ግን ከምጣዱ አትጀምሩ፣ ከወፍጮው ጀምሩ። ምን እንደጨመራችሁ ብቻ አትናገሩ፣ ቀድሞ ምን እንደተጨመረበት ተናገሩ። እናንተ አስታማሚዎች ደግሞ ታማሚውን ሌባ ከማድረጋችሁ በፊት ቅመሙን ቅመሱ። ያመመውን ሰው ካላመናችሁት ብቻውን ነው። ሐኪሜን ወንበር ስባ ስለተቀመጠች አመሰግናታለሁ። ሳሮንንም አመሰግናታለሁ፤ አሁን አንገቷን ደፍታለች።

ዘንድሮ በርበሬ ሲደርስ ጥሩነሽና እኔ እንደ ልማዳችን አብረን ልናስፈጭ ተቀመጥን። ጨው የሚባል ነገር እንዳይገባ አልኩ።

«አንቺ ሴትዮ፣ ያለ ጨው ይነቅዛል እኮ!» አለችኝ።

«ይንቀዛ። ለነቀዝ ወንፊት አለ» አልኳት። «ለልብ ግን ወንፊት አላገኘሁም።»

ወደ እግሬ አየች። ከዚያ ያመጣችውን ጨው ቋጥራ ወደ ጎን አደረገችና የሷንም ድርሻ የኔው ላይ ደባልቃ አስፈጨችው።