ለአካባቢው ከፍተኛ፣ ለዓለም ዝቅተኛ፦ የመንዝ አንድ ፖሊስ ጣቢያ

ሐሙስ ጠዋት አንድ ሰዓት ላይ ከደብረ ብርሃን መናኸሪያ በሚኒባስ ተነሣሁ። የሄድኩት አንዲት ትንሽ ፖሊስ ጣቢያ ለማየት ነው። የሞባይል ጥገና ሱቄን ከዘጋሁ በኋላ፣ ፈቃደኞች በኢንተርኔት ለሚያዘጋጁት አንድ የአማርኛ መዝገበ ዕውቀት እጽፋለሁ። እዚያ እያንዳንዱ ርእስ ሁለት ደረጃ ይሰጠዋል፤ አንዱ ለአካባቢው፣ ሌላው ለዓለም ያለው አስፈላጊነት ነው። ይህችን ጣቢያ ሳላያት በሁለቱም "ዝቅተኛ" ብያት ነበር። አምስት ፖሊስና አንድ ሞተር ሳይክል ላላት ጣቢያ ከዚያ በላይ ምን ይሰጣል? ውሎ ሲያድር ግን ያላየሁትን መመዘኔ ከነከነኝ።

ሞላሌ

ከጣርማበር ወደ መንዝ እንደታጠፍን ጉም ዋጠን። ሾፌሩ አንገቱን በመስኮት አውጥቶ ቀስ እያለ ነዳ። ጉሙ ሲገለጥ የገብስ ማሳ፣ የድንጋይ ካብ፣ ራቅ ብሎም ጅባራ ታየ። ሞላሌ ወርጄ የባቄላ ሹሮ በሰማንያ ብር በላሁ። አጠገቤ የተቀመጠ ሰው በግ ልገዛ መምጣቴን ጠየቀኝ። ስለ ፖሊስ ልጽፍ ነው ስለው ወንበሩን ትንሽ ራቅ አደረገ።

ስምንት ሰዓት፣ ጣቢያው

በአይሱዙ ጭነት ላይ ተሳፍሬ ጣቢያው ካለበት መንደር ደረስኩ። ሁለት የቆርቆሮ ክፍሎች ናቸው። ተረኛዋ ኮንስታብል መታወቂያዬን አገላብጣ አየችና "ሳጅን አበባው አውጫጭኝ ላይ ናቸው፤ ከቤተ ክርስቲያኑ በታች ሜዳው ላይ ታገኛቸዋለህ" አለችኝ።

አውጫጭኝ የቆየ ሥርዓት ነው። ሌባው ሳይታወቅ ሲቀር የአገሩ ሰው በሙሉ ይሰበሰብና የሚያውቀውን ይናገራል፤ ነገሩ ሳይለይ፣ በቀጠሮ ካልሆነ በቀር፣ ማንም አይበተንም።

ሜዳው መካከል ጸጉሩ የተሸለተ ጥቁር በግ ታስሯል። ወይዘሮ ዘነበች የሚባሉ ባል የሞተባቸው ሴት ከሁለት ወር በፊት አንድ በግ ጠፍቶባቸዋል። ይህ በግ የተገኘው ከበግ ጸጉር ባና የሚባለውን ብርድ ልብስ በሚሠራው በደምሴ ቤት ነው። ደምሴ ጸጉሩን ለባና ሸልቶታልና በመልኩ የሚለየው የለም። ጆሮው ላይ በስለት የወጣው ብጥ ግን የወይዘሮ ዘነበች ቤት ምልክት ነው። ደምሴ ከገበያ ገዛሁት ይላል፤ የሸጠለትን ሰው ግን ስሙን አያውቅም።

"ብጡ ተናግሯል" አሉ የእድሩ ዳኛ። "ደምሴ ከእድር ይሰረዝ።"

የደምሴ እናት ታመው ተኝተዋል። ከእድር የወጣ ሰው ደግሞ ሬሳ የሚሸከምለት የለም። ደምሴ መሬት መሬቱን ያይ ነበር።

ሳጅን አበባው ሃምሳ ዓመት ያለፋቸው፣ ቀጭን ሰው ናቸው። የበጉን ጆሮ እንደያዙ ወደ ሴትዮዋ ዞሩ።

"እማማ ዘነበች፣ ይህን ብጥ ማን አወጣው?"

"የባሌ አባት።"

"ልጆቻቸው ስንት ነበሩ?"

"ሁለት። ባሌና ክፍሌ።"

"ርስት ሲካፈሉ በጉንም ተካፈሉ?"

"ታዲያ ሳይካፈሉ?"

"ብጡስ ለማን ደረሰ?"

ከኋላ አንድ ሽማግሌ ሳቁ። "ብጥ ይካፈላል እንዴ ሳጅን? ሁለቱም ይዘውት ሄዱ እንጂ።"

ክፍሌ የሚኖሩት ከገደሉ ማዶ፣ በግሼ በኩል ነው። እዚያ ስልክ አይሠራም። ከወንድማቸው ቤት ጋር በርስቱ ተጣልተው ከሄዱ ወዲህ እዚህ ረግጠው አያውቁም።

"እስከ ነገ ቀትር ስጡኝ" አሉ ሳጅን።

"አገር ለአንድ ፖሊስ ሲል አይጠብቅም" አሉ የእድሩ ዳኛ።

"ለደምሴ እናት ሲል ይጠብቅ።"

ዳኛው ጢማቸውን ዳበሱና ጉባኤውን ለነገ ቀጠሩት።

ቁልቁለቱ

ማን እንደሆንኩ ነግሬ ሳጅንን ለመከተል አስፈቀድኩ። ወደ አቶ ክፍሌ የሚወስደው ቁልቁለት ለሞተር ሳይክል የሚሆን አይደለም። ሳጅን በዱላ፣ እኔ በቂጤ ጭምር ወረድን። መንገድ ላይ ስለ ሁለቱ ደረጃዎች ነገርኳቸው።

"ለዓለም?" ብለው ቆሙ። "እኔን የማዶው ቀበሌ እንኳ አያውቀኝም። ዝቅተኛ ብለህ ጻፍ። ውሸት ብትጽፍ መጥቼ እይዝሃለሁ።"

ፀሐይ ሳትጠልቅ ደረስን። አቶ ክፍሌ በረታቸውን ከፈቱልን፤ የበጎቹ ሁሉ ጆሮ ያንኑ ብጥ ይዟል።

"አዎ፣ ሞላሌ ገበያ ላይ ለአንድ ባና ሠሪ ሸጫለሁ" አሉ። "ጸጉሩን ሲዳብስ ዋለ፤ ሥጋውን አላየውም። ግን ዘነበች ካለችበት አልሄድም።"

"ለእሷ አይደለም" አሏቸው ሳጅን። "ሰውየው ከእድር ሊሰረዝ ነው።"

አቶ ክፍሌ በሶ አስበጥብጠው አጠጡን። ጎሕ ሲቀድ ዱላቸውን ይዘው ደጅ ቆመው አገኘናቸው።

ዓርብ ቀትር

አቶ ክፍሌ ሜዳው ላይ ቆመው በጉን የሸጡት እሳቸው መሆናቸውን በማርያም ምለው ተናገሩ። ወይዘሮ ዘነበች ተነሡ፣ ድንጋይ አንሥተው ማጅራታቸው ላይ አደረጉ፣ ደምሴ ፊት ሊንበረከኩ ጎንበስ አሉ። ጉልበታቸው መሬት ሳይነካ ደምሴ ድንጋዩን ተቀበላቸው።

"ከባድ ነው፤ ወገብዎን ያምዎታል" አላቸው።

ወይዘሮ ዘነበች ቀና ሲሉ ከአቶ ክፍሌ ጋር ተያዩ። አልተሳሳሙም፤ ሴትዮዋ ግን "እህል ቀምሰሃል?" ብለው ጠየቁ።

ሰው መነሣት ሲጀምር ሳጅን እጃቸውን አነሡ። "የእማማ በግ ገና አልተገኘም። ተቀመጡ።" አገር ሁሉ እያጉረመረመ ተቀመጠ።

ደብረ ብርሃን

ቅዳሜ ከሰዓት ቤቴ ገባሁ። እግሬን በሞቀ ውኃ ነክሬ ጽሑፉን ከፈትኩ። ለዓለም የሰጠሁትን "ዝቅተኛ" አልነካሁትም፤ እውነት ነው፣ ማንንም አያዋርድም። ለአካባቢው ያለውን ግን "ከፍተኛ" አልኩት። አንድ የአዲስ አበባ ባልደረባዬ ወዲያው "ለአምስት ፖሊስ? ማስረጃህ ምንድን ነው?" ብሎ ጻፈልኝ። ልክ ነው፤ በደንባችን በዓይን ያዩት ብቻውን ማስረጃ አይሆንም። ይህን ማስታወሻ የጻፍኩት ስለዚህ ነው። ሩቅ ሆኜ ስመዝን የቆጠርኩት ፖሊሶቹንና ሞተሩን ነበር። መቁጠር የነበረብኝ እነሱ ባይኖሩ ማን ምን ያጣ እንደነበር ነው።

ሰኞ ሳጅን አበባው ደወሉ። እድሩ እሑድ ተሰብስቦ ነበር።

"ደምሴስ?" አልኳቸው።

"ከእድሩ መዝገብ ስሙ ሲጠራ 'አቤት' አለ" አሉኝ። "እናቱም ትንሽ ተሽሏቸዋል። በጉን ግን ገና አላገኘሁትም፤ ነገ በላይኛው ቀበሌ በኩል እወጣለሁ።"